የሻርሎት መስኮት፦ የሪጀንሲ የፍቅር ታሪኮችን በአጃቢ ገጸ ባሕርያቱ ዓይን መጻፍ

ሐምራዊ ብዕር፦

ሰላም ለሁላችሁ። አንድ ጉዳይ ይዤ መጥቻለሁ። ትንሽ ረዘም ስለሚል ታገሡኝ።

«ፕራይድ ኤንድ ፕሬጁዲስ»ን ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ። እንግሊዛዊቷ ደራሲ ጄን ኦስተን፣ ሪጀንሲ በሚባለው የአገሯ ዘመን፣ በ1813 ያሳተመችው ልቦለድ ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ኤልሳቤጥ ቤኔትና ዳርሲ መጀመሪያ ሳይዋደዱ ኋላ የሚፋቀሩበት ታሪክ።

እኔን የያዘችኝ ግን ኤልሳቤጥ አይደለችም። ጓደኛዋ ሻርሎት ሉካስ ናት። 27 ዓመቷ ነው። መልኳ እዚህ ግባ አይባልም፣ ይዛ የምትገባው ሀብትም የላትም። ኮሊንስ የሚባል ቄስ ኤልሳቤጥን ጠይቆ እምቢ ተባለ። ሦስት ቀን ሳይሞላው ዞሮ ሻርሎትን ጠየቀ። እሺ አለችው። ኤልሳቤጥ ስትሰማ ክው አለች። ከዚያ መጽሐፉ ከኤልሳቤጥ ጋር ይሄዳል። እኔ እዚያው ከሻርሎት ጋር ቀረሁ።

ስለዚህ ታሪኩን በሻርሎት አንጻር፣ በአማርኛ መጻፍ ጀምሬአለሁ። አገሩን አልቀየርኩም። እንግሊዝ ነው፤ ዘመኑም ያው ነው። ሦስተኛው ምዕራፍ ላይ ግን ቆሜአለሁ። መለስ ብዬ ሳነበው የኔዋ ሻርሎት ኤልሳቤጥን ከማየት በቀር ሥራ የላትም። ኤልሳቤጥ ጨፈረች፣ ኤልሳቤጥ ተናደደች፣ ኤልሳቤጥ ሳቀች። ሻርሎት ጥግ ላይ የተተከለች ካሜራ ሆነችብኝ።

ቁራጩን ልለጥፍላችሁ፦

«ሻርሎት በላይኛው መስኮት ቆማ ወደ መንገዱ ታያለች። አቶ ኮሊንስ እየመጣ ነበር። ኤልሳቤጥ ለምን እምቢ እንዳለችው አሰበች። ኤልሳቤጥ ሁልጊዜ ኩሩ ነበረች። ኤልሳቤጥ ፍቅርን ትጠብቃለች። ሻርሎት ግን እንደ ኤልሳቤጥ አልነበረችም።»

ምን ጎደለው? ሳትራሩልኝ ንገሩኝ።

ዳገት፦

ቆጠርኩት። በስድስት ዓረፍተ ነገር ውስጥ ኤልሳቤጥ አራት ጊዜ ተጠርታለች፣ ሻርሎት ሁለት ጊዜ። ችግሩ እዚያው አለ።

እስቲ ምዕራፍ 22ን እንደገና አንብቢው። ሻርሎት ሰውየውን በላይኛው መስኮት ታየዋለች። ወዲያው ትወጣለች። መንገድ ላይ «በአጋጣሚ» ታገኘዋለች። ደራሲዋ ለዚህ አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው የሰጠችው። ግን በዚያ አንድ ዓረፍተ ነገር ሴትዮዋ ዕድሜ ልኳን ወሰነች። ደረጃውን ስትወርድ ምን አደረገች? ጊዜው የኖቬምበር መጨረሻ ነው። ብርድ ነው። ያን ሰሞን ለቀናት ሲዘንብ ነበር። ምን ደርባ ወጣች? ቤት ላሉት ምን አለቻቸው?

ከመስኮቱ እስከ መንገዱ ያለው ደቂቃ የሻርሎት ብቻ ነው። ኤልሳቤጥን እዚያ ውስጥ አታስገቢያት።

ቡና ሲፈላ፦

ዳገት ልክ ነው። እኔ ደግሞ ወደ ጓዳ ልውሰድሽ።

አንድ ቦታ ላይ ወይዘሮ ቤኔት ሰው ፊት ስለ ሻርሎት ያወራሉ። ምሳ ሳትበላ የሄደችው ለሚንስ ፓይ (በሊጥ የሚጋገር ጣፋጭ) ሥራ ቤቷ ተፈልጋ ሳይሆን አይቀርም ይላሉ። ቀጥለው እኔ ሥራቸውን የሚያውቁ ሠራተኞች አሉኝ፣ ልጆቼን እንዲህ አላሳደግኳቸውም ይላሉ። ለኤልሳቤጥ ይህ እናቷ ያዋረደቻት ቀን ነው። ፊቷ ሲቀላ ነው የምናየው። ሻርሎት ግን በዚያን ሰዓት የት ናት? ቤቷ ሊጥ እያሸች ነው። መጽሐፉ እጇን ሰጥቶሻል፤ ያዢው።

ቤተሰቡንም አትርሺ። የቤኔት ቤት ወንድ ልጅ ስለሌለ ርስቱ ለዘመዳቸው ለኮሊንስ ነው የሚተላለፈው። ስለዚህ ሻርሎት አንድ ቀን የጓደኛዋ ቤት እመቤት ትሆናለች። እናቷ ጋብቻውን እንደሰሙ አቶ ቤኔት ስንት ዓመት ሊኖሩ እንደሚችሉ ማስላት ጀመሩ። ወንድሞቿ ደግሞ እህታችን ቆማ ልትቀር ነው ከሚለው ሐሳብ ተገላገሉ። አስቡት፤ ይህን ሁሉ እየሰማች ነው ራት የምትበላው። ይህ ቤት ለብቻው አንድ ምዕራፍ ይወጣዋል።

ሌላም ነገር አለ። አማርኛ አንባቢ «ቄስ ሆኖ እንዴት ሚስት ይፈልጋል?» ብሎ ይቆማል። እኛ ጋ የሚያገባው ዲያቆን ሆኖ ነው፤ ቅስና ከትዳር በኋላ ነው የሚመጣው። በእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን ግን ቄስ ከተሾመ በኋላም ያገባል። መጀመሪያ ላይ አንድ መስመር ጣል አድርጊ።

የቀድሞ መምህር፦

ልጄ፣ ጓደኞችሽ ያሉሽን ስሚ። እኔ የማነሣው ሰዋስውን ነው።

በእንግሊዝኛው ባል ሚስቱን፣ እመቤት ሠራተኛዋን የሚያናግሩት በአንድ ቃል ነው። ቅርበቱና ርቀቱ የሚታወቀው በስም አጠራር ነው፤ ሚስተር፣ ሚስ፣ ወይም ኤልሳቤጥን በቁልምጫ ሊዚ እየተባለ። በአማርኛ ግን እያንዳንዱ ግሥ ላይ መምረጥ አለብሽ። መጣ ወይስ መጡ? ሳቀ ወይስ ሳቁ? አንቺ «አቶ ኮሊንስ እየመጣ ነበር» ብለሻል። «እየመጣ» ያለው ማነው? ተራኪው ነው ወይስ ሻርሎት?

በጨዋ ቤት ያደገች ልጅ ቄስን በአፏ «እርስዎ» ከማለት ወዲያ ምርጫ የላትም። በሆዷስ? ኮሊንስ 25 ዓመቱ ነው። ከእሷ በሁለት ዓመት ያንሳል። ብዙ የሚያወራ፣ ጥቂት የሚያስተውል ሰው ነው፤ እሷም ታውቃለች። በሆዷ «እሱ» የምትለው ከየትኛው ቀን ጀምሮ ነው? ከሠርጉ በፊት ነው ወይስ በኋላ? ወይስ ፈጽሞ አትለውም? ይህን ከወሰንሽ ሻርሎትን አወቅሻት ማለት ነው። እንግሊዛዊቷ ደራሲ ይህ መሣሪያ አልነበራትም። አንቺ አለሽ።

ሌላ ምሳሌ ልስጥሽ። በቤኔት ቤት ሣራ የምትባል ሠራተኛ አለች። ስሟ የሚጠራው ወደ መጨረሻው ነው። ወይዘሮ ቤኔት «የሊዚን ፀጉር ተዪው፣ ነይ ጄንን አልብሺያት» ይሏታል፤ ጄን የኤልሳቤጥ እህት ናት። ሣራ ብትተርክ «ወይዘሪት ኤልሳቤጥ ተቆጡ» ነው የምትለው። ሻርሎት ብትተርክ «ሊዚ ተቆጣች» ትላለች። አንባቢው ማን እየነገረው እንደሆነ ከግሡ ያውቃል። «እኔ ሣራ ነኝ» ማለት አያስፈልጋትም።

ሪጀንሲ ለሚለውም ቃል አለን፤ እንደራሴ። ንጉሥ ጆርጅ ሣልሳዊ ሕመሙ ስለጠናባቸው ከ1811 እስከ 1820 ልጃቸው በእንደራሴነት ገዝተዋል። ራስ ተፈሪም አልጋ ወራሽና እንደራሴ ይባሉ ነበር። «የእንደራሴው ዘመን» ብትይ አንባቢሽ አይቸገርም።

ሐምራዊ ብዕር፦

መምህር፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። «በአፍና በሆድ» ያሉትን ደብተሬ ላይ በትልቁ ጽፌዋለሁ። እስካሁን «እሱ»ና «እሳቸው»ን እንደመጣልኝ ነበር የማፈራርቀው።

አንድ ነገር ልጠይቅዎት። ሣራ የምትገባበት ትንሽ ትዕይንት አለኝ። ኤልሳቤጥን «እትዬ» ብትላትስ?

ጥግ ያዥ፦

መምህር ሳይመልሱ ልቅደም፤ ይቅርታ ያድርጉልኝ። «እትዬ» አይሆንም። ቃሉ ብቻውን አይመጣም። ከሰሉን፣ ጓሮውን፣ የአዲስ አበባውን ግቢ ይዞ ነው የሚመጣው። አንቺ ደግሞ ቤቱ እዚያው እንግሊዝ፣ ሃርትፎርድሺር ይቆይ ብለሻል። «እመቤቴ» በያት።

ቡና ሲፈላ፦

«እመቤቴ»ስ? ስንቶቻችን «እመቤቴ» ሲባል ድንግል ማርያምን ሳናስብ እናልፋለን? «ወይዘሪት» ይሻላል። ርቀቱንም ይጠብቃል።

የቀድሞ መምህር፦

«ወይዘሪት» ጥሩ ነው። እናትየውን «ወይዘሮ»። በዚህ ጽኚ።

የማታ አንባቢ፦

እዚህ ክር ላይ ስጽፍ የመጀመሪያዬ ነው። ሁሌ አንብቤ ነው የምወጣው። ስለ ሣራ ስታወሩ ግን ዝም ማለት አልቻልኩም።

ሰባት ዓመት አረብ አገር ሰው ቤት ሠርቻለሁ። የቤቱ ልጅ የታጨችው እኔ እዚያ ሳለሁ ነው። ያን የፍቅር ታሪክ ከማንም በላይ አውቀዋለሁ፤ ግን ቁርጥራጩን ነው የማውቀው። ሻይ ይዤ ስገባ ግማሽ ወሬ እሰማለሁ። ስኒ ልሰበስብ ስመለስ ሌላ ወሬ ላይ ናቸው። መሐሉን የሚነግረኝ የለም። እንደተጣሉ ያወቅኩት ከትራስ ልብሱ ነው። ጠዋት አንሶላ ስቀይር የትራሱ ልብስ ኩል በኩል ሆኖ አገኘሁት። እንደታረቁም ያወቅኩት ከዚያው ነው። በሚቀጥለው ሳምንት ንጹሕ ነበር። ያን ቀን ሳላስበው ደስ አለኝ። ለሷ ደስ ያለኝ ይሁን ኩል ማስለቀቁ ስለቀረልኝ፣ እስከ ዛሬ አላውቅም።

ሠራተኛን ተራኪ የምታደርጉ ሰዎች ሁሉን ከበር ኋላ ሰምታ እንድትተርክ ታደርጓታላችሁ። እኔ እንደዚያ አልነበርኩም። ጊዜም የለም። አምስት ሰዓት ሌሊት ላይ እግርሽ ነው የሚያስብልሽ። የራሴ ሐሳብም ነበረኝ። እናቴ ታማ ነበር። የልጅቷ ቀለበት በተደረገ ቀን እኔ የማስበው ስልኬ ቻርጅ ይኑረው አይኑረው ነበር።

ኤልሳቤጥ ሦስት ማይል በእግሯ ሄዳ፣ ቀሚሷ ስድስት ኢንች ጭቃ ነክቶት የደረሰችበት ቦታ አለ አይደል? ሁሉም ጀግንነቷን ያደንቃል። እኔም እወዳታለሁ። ግን መጀመሪያ ያሰብኩት ያን ቀሚስ ማን አጠበው የሚለውን ነው።

ሐምራዊ ብዕር፦

እህቴ፣ እባክሽ ዝም አትበይ፤ ጻፊ። የኩሉን ነገር አንብቤ ቁጭ አልኩ። ሻርሎትም የምታውቀው ቁርጥራጭ ብቻ መሆን አለበት። ዳርሲ ለኤልሳቤጥ የጻፈላትን ደብዳቤ አላነበበችውም። እኔ ግን ይዘቱን እንደምታውቅ አድርጌ ነበር የጻፍኩት። ዛሬ ማታ አወጣዋለሁ።

ዳገት፦

የማታ አንባቢ ያነሣሽው ጥያቄ ላይ አንድ ሙሉ ልቦለድ ተጽፏል። ጆ ቤከር በ2013 ያወጣችው «ሎንግቦርን» ነው። ተራኪዋ የሣራን ፈለግ ነው የምትከተለው። ከጠዋቱ አጠባ ነው የሚነሣው።

ዋናው መጽሐፍ ውስጥ ደግሞ ይህን ተመልከቱ። ኔዘርፊልድ በሚባለው የጎረቤት ቤት ጭፈራ የነበረው ኖቬምበር 26 ነው። ከዚያ በፊት ከዓርብ እስከ ሰኞ ሳያባራ ዘነበ። ልጃገረዶቹ ከቤት መውጣት አልቻሉም። ለጫማቸው የሚሆነውን የሪባን ጽጌረዳ ሳይቀር በሰው ነው ያስመጡት። በማን? አልተነገረም። እስከ ሜሪተን፣ እስከ ቅርቡ ከተማ፣ አንድ ማይል ነው። ሄዶ መመለሱ ሁለት ማይል ጭቃ ነው። ያን ዝናብ ውስጥ የገባ አንድ ሰው አለ። ስም የለውም። ጫማው ላይ ግን ጽጌረዳ እንዳልነበረ እናውቃለን።

በነገራችን ላይ መብትን በተመለከተ አትጨነቂ። ኦስተን ያረፈችው በ1817 ነው። ሻርሎት የሁላችንም ናት። የ2013ቱን ሣራ ግን አትንኪ፤ የራሷ ደራሲ አላት።

ፍሬ ነገር፦

እኔ ከናንተ ልለይ። ሻርሎትን የምወዳት ዝም ስላለች ነው። ደራሲዋ አውቃ ነው በአጭሩ የተወቻት። «ሮማንቲክ አይደለሁም፣ የምፈልገው የሚመች ቤት ነው» አለች፤ አለቀ። ከዚህ በኋላ ሦስት መቶ ገጽ ስለ ስሜቷ ሲጻፍ ያ ዝምታ ይጠፋል። ክብሯ ያለው እዚያ ዝምታ ውስጥ ይመስለኛል። ይህን ለማናደድ አይደለም የምለው። መጽሐፉን በየዓመቱ ነው የማነበው፤ ስለሷ እሰጋለሁ።

ጥግ ያዥ፦

ፍሬ ነገር፣ ስጋትህ ይገባኛል። ግን መጻፍና ማብራራት ይለያያሉ።

ኤልሳቤጥ ሻርሎትን ልትጠይቅ ኮሊንስ ወደሚኖርበት ሀንስፎርድ ስትሄድ አንድ ነገር ይገርማታል። የተሻለ ስፋትና እይታ ያለው ክፍል እያለ ሻርሎት የምትቀመጠው በስተኋላ ባለው ክፍል ነው። ቆይታ ይገባታል። የኮሊንስ የንባብ ክፍል በመንገዱ በኩል ነው። የሻርሎት ክፍል እኩል ደስ የሚል ቢሆን ኖሮ እሱም እዚያ አይጠፋም ነበር። አትክልቱን እንዲንከባከብም ታበረታታዋለች፤ ለጤናው ጥሩ ነው እያለች።

ይህን የምናውቀው በኤልሳቤጥ ግምት ነው። በሻርሎት አንጻር ሲጻፍ ግምቱ ይወጣል፣ ወንበሩ ይቀራል። አንድ ቀን ጠዋት ወንበሯን ተሸክማ ወደ ኋላው ክፍል ትወስደዋለች። ለምን እንደሆነ ለራሷም አትናገርም። ዝምታዋ አልተነካም። እኛ ግን ከሷ ጋር ወንበሩን ተሸክመናል።

ሌላው የምፈራው ነገር አለ። አጃቢዋን ከፍ ለማድረግ ሲባል ዋናዋን ማክፋት። ኤልሳቤጥን ቀናተኛ፣ ራስ ወዳድ አድርገው የሚጽፉ አሉ። እኔ እንደዚያ ያለውን አልጨርሰውም። ኤልሳቤጥ ሻርሎትን ትወዳታለች። ከሀንስፎርድ ስትሄድ ከልቧ አዘነችላት። ከሻርሎት በኩል ስታዩት ግን የምትወጂው ሰው ሲያዝንልሽ ማየት ነው። ማንም ሳይከፋ የሚያም ነገር ነው። ጻፊው፣ ሐምራዊ ብዕር።

ካልደከማችሁ ስለ አንዲት ልጅ ልጨምር። «ሴንስ ኤንድ ሴንሲቢሊቲ» (1811) ውስጥ ኤልዛ ዊልያምስ አለች። በኮሎኔል ብራንደን አሳዳጊነት ያደገች ናት። ዊሎቢ አስረግዞ ጥሏታል። በመጽሐፉ ውስጥ አንዲት ቃል አትናገርም። አንድ ጠዋት ሁሉም ወደ ዊትዌል ሽርሽር ሊሄዱ ተሰናድተዋል። ቁርስ ላይ ለብራንደን ደብዳቤ ይመጣል። ፊቱ ይለወጣል፣ ተነሥቶ ይሄዳል። ሽርሽሩ ቀረ። ሁሉም አኮረፉ፤ ዊሎቢ ራሱ ሰበብ ፈጥሮ ነው ይላል። ደብዳቤውን የጻፈችው ኤልዛ ናት። ከጠፋች ከወራት በኋላ የመጣ የመጀመሪያ ወሬዋ ነው። እሷ ያን ወረቀት ስትጽፍ ማን እንደሚያነበው፣ ይድረስ አይድረስ አታውቅም። ለሌሎቹ የተበላሸ ሽርሽር ነው። ያን ጠዋት ከኤልዛ በኩል የሚጽፍልኝ ሰው ባገኝ ሌሊቱን ቁጭ ብዬ አነበዋለሁ።

ፍሬ ነገር፦

ወንበሩን ተቀብያለሁ። እንደዚያ ከሆነ አነበዋለሁ። የኤልዛንም ነገር እስከ ዛሬ ከደብዳቤው ወዲያ አላሰብኩትም ነበር። ዛሬ ወደ መጽሐፉ እመለሳለሁ።

የማታ አንባቢ፦

የፔምበርሊን፣ የዳርሲን ቤት፣ ጠባቂም አትርሷት። ወይዘሮ ሬይኖልድስ። ዳርሲን ከአራት ዓመቱ ጀምሮ ታውቀዋለች። ክፉ ቃል ወጥቶት አያውቅም ብላ ለእንግዶች ስትናገር ነው ኤልሳቤጥ ልቧ መለወጥ የጀመረው። የሠራተኛ ቃል ነው ያንን ያደረገው። ሰው ቤት የሠራ ያውቃል። የሰው ጠባይ የሚታወቀው ውኃ አምጪ ሲል ነው።

ሐምራዊ ብዕር፦

ከአራት ቀን በኋላ ተመለስኩ። መስኮቱን እንደ አዲስ ጻፍኩት። እነሆ፦

«መጀመሪያ ያየችው ባርኔጣውን ነው። ከአጥሩ በላይ ከፍ ዝቅ ይላል። ቄሱ እየመጡ ነበር። ብቻቸውን ናቸው፤ በዚህ ሰዓት። ሻርሎት ጣቶቿን አየች። ጥፍሯ ሥር ሊጥ ቀርቷል። በመሐረብ ጠረገችው።

«ማነው?» አለች እህቷ ማሪያ ከኋላዋ።

«ማንም።»

አራተኛው ደረጃ እንደሚንቋቋ ታውቃለች፤ ዘለለችው። በሩ ጋ የእናቷን ሻል አነሣች። የራሷ ላይ ቤት ቀርቷል፤ ለመመለስ ጊዜ የለም። ጭቃው ጫማዋን ይዞ አልለቅ አለ። መታጠፊያው ጋ ስትደርስ ቆመች። ትንፋሿ እስኪመለስ ጠበቀች። ከዚያ መሬት መሬቱን እያየች፣ ማንንም እንዳልጠበቀ ሰው፣ ወጣች።

«ወይዘሪት ሉካስ!» አሉ ቄሱ።

ቀና አለች። አፍንጫው ቀልቷል። በርዶታል፣ አለች በሆዷ።

«እንደምን አደሩ፣ አቶ ኮሊንስ።»»

ዳገት፦

ኤልሳቤጥ የለችም! አንድም ጊዜ።

የቀድሞ መምህር፦

አፍንጫው ጋ ስደርስ ቆምኩ። እስከዚያ «እየመጡ»፣ «አሉ» ስትይ ቆይተሽ እዚያ ላይ «በርዶታል» አልሽ። አንድ ነጥብ ብቻ። መጀመሪያ «ባርኔጣውን» ያልሽው «ባርኔጣቸውን» ቢሆን ለውጡ ይበልጥ ይጎላል።

ሐምራዊ ብዕር፦

አሁን አስተካከልኩት፣ መምህር።

የማታ አንባቢ፦

ሻሉ የእናቷ ነው አይደል? ጭቃ ነክቶት ከሆነ ስትመለስ እናቷ ያዩታል።

ሐምራዊ ብዕር፦

አዎ። ቀጣዩ ትዕይንት የሚጀምረው እናትየው ሻላቸውን ሲፈልጉ ነው።